ድል የሚያፈርሳቸው ጥምረቶች

በ1834 ዓ.ም ደብረ ታቦር ላይ የተደረገውን ጦርነት ያሸነፈ የለም ቢባል ማጋነን አይሆንም። የስሜኑ ደጃዝማች ውቤ ኃይለ ማርያም ከጎጃሙ ብሩ ጎሹ ጋር ተማምሎ፣ ከግብፅ ከመጡ ብዙም ያልቆዩትን አቡነ ሰላማን ከጎኑ አሰልፎ፣ ራስ አሊን ከመናገሻው ሊነቅል መጣ። ነቀለውም። የአሊ ጦር ተፈታ፤ አሊ ራሱም ሸሸ። ባለድሎቹ ድንኳን አስተክለው ለግብር ተቀመጡ። ደስታው በደመቀበት ሰዓት ከአሊ ወገን የሆነው ብሩ አሊጋዝ ድንገት ደርሶ ውቤን ማረከው። ብሩ ጎሹ ወደ ጎጃም አመለጠ። አሸናፊው ታሳሪ፣ ሸሺው ተመልሶ ጌታ ሆነ። አቡነ ሰላማ መሃል ገብተው ባያስታርቁ ኖሮ ውቤ ስሜንን መልሶ ማየቱም ያጠራጥር ነበር።

ይህ ታሪክ ብዙ ጊዜ የሚተረከው በድግስ እንደጠፋ ድል ተደርጎ ነው። ድግሱን ትቶ ጥምረቱን ለሚያይ ሰው ግን ሌላ ነገር ይታያል። ሁለቱን መሳፍንት ያገናኛቸው የአሊ መውደቅ ነበር፤ አብረው የቆዩትም አሊ እስኪወድቅ ድረስ ብቻ ነው። አሊም በበኩሉ የዘመኑን ብልሃት አልተወም። ልጁን ተዋበችን ለቋራው ካሳ ኃይሉ ድሮ አማቹ አደረገው። አማቹ በ1845 ዓ.ም አይሻል ላይ የአሊን ጦር ደምስሶ የወገኖቹን የየጁዎችን ዘመን ዘጋ፤ ከሁለት ዓመት በኋላም ውቤን ድል አድርጎ ቴዎድሮስ ተብሎ ነገሠ።

ከዚያ ወዲህ መሐላው በፕሮግራም፣ ጋብቻው በመግባቢያ ሰነድ ተተክቷል። የኢትዮጵያ ፓርቲዎች ጥምረት ግን ዛሬም የሚፈተነው በዚያው ቦታ ላይ ነው። ሲመሠረት አይቸገርም፤ ተቃዋሚው ጠንካራ እስከሆነ ድረስም ይጸናል። ችግሩ የሚመጣው ካሸነፈ ወይም ያሸነፈ ከመሰለው በኋላ፣ ያገኘውን ለመካፈል ሲቀመጥ ነው።

ሕገ መንግሥቱ በዚህ ረገድ ለጥምረት በሩን ዘግቷል ማለት አይቻልም። አንቀጽ 56 በሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት አብላጫ መቀመጫ ያገኘ ፓርቲ ወይም ጣምራ ፓርቲዎች የአስፈጻሚውን አካል እንደሚያደራጁና እንደሚመሩ ይደነግጋል። አገሪቱ የምትመራው በፓርላማ ሥርዓት እንደመሆኑ፣ ጥምር መንግሥት እንግዳ ነገር መሆን አልነበረበትም። ሆኖም ከ1987 ዓ.ም ጀምሮ በተደረጉት ምርጫዎች፣ ውጤቱ ሲቆጠር ያለ ሌላ ፓርቲ ድጋፍ መንግሥት ማቆም ያልቻለ አሸናፊ ታይቶ አያውቅም።

ይኸው የፓርላማ ሥርዓት በሌላ አገር ምን እንደሚመስል ለማየት ህንድን ማንሳት ይጠቅማል። እ.ኤ.አ. በ1998 አታል ቢሃሪ ቫጅፓዪ ብዙ ትንንሽ ፓርቲዎችን ሰብስበው መንግሥት መሠረቱ። ከአጋሮቻቸው አንዷ የታሚል ናዱዋ ፖለቲከኛ ጃያላሊታ ነበሩ፤ በእጃቸው የነበረው 18 መቀመጫ ነው። በቀጣዩ ዓመት ሚያዝያ ጃያላሊታ ድጋፋቸውን አነሱ፤ የመተማመኛ ድምፅ ተሰጠ፤ የቫጅፓዪ መንግሥት 269 ለ270 በሆነ ውጤት፣ በአንዲት ድምፅ ወደቀ። የአንድ ቢሊዮን ሕዝብ መንግሥት በአንድ ሰው እጅ መውጣትና መውረድ ሲፈርስ ጦር አልተንቀሳቀሰም፤ ሕዝቡ ዳግም ለምርጫ ተጠራ። ቫጅፓዪም በዚያው ዓመት ሌላ ጥምረት ይዘው ተመለሱና ለዓመታት ገዙ።

እ.ኤ.አ. በ2004 የኮንግረስ ፓርቲ ተራውን ሲያገኝ ደግሞ ግራ ዘመሞቹ ፓርቲዎች ሚኒስትርነት አንፈልግም፣ ከውጭ እንደግፋለን አሉ። ለዚህም ምን እንደሚደገፍና ምን እንደማይደገፍ የሚዘረዝር የጋራ ፕሮግራም ተጻፈ። ከአራት ዓመት በኋላ መንግሥት ከአሜሪካ ጋር የኑክሌር ስምምነት ልፈርም ሲል ግራዎቹ ትተውት ወጡ። ማንሞሃን ሲንግ 275 ለ256 በሆነ ድምፅ ተረፉ። በዚያ ክርክር ወቅት የተቃዋሚ አባላት ጉቦ ተሰጠን ያሉትን የብር ነዶ አውጥተው ምክር ቤቱ መሃል ዘረገፉት። ማንም ይህን የዴሞክራሲ ጌጥ ነው አይልም። የቢሃሩ ኒቲሽ ኩማርም ከአንዱ ጥምረት ወደ ሌላው እየተገለባበጡ እ.ኤ.አ. በጥር 2024 ለዘጠነኛ ጊዜ ዋና ሚኒስትር ሆነው ቃለ መሐላ ፈጽመዋል። ጎረቤቷ ኔፓል ውስጥም እ.ኤ.አ. በ2022 ከ275 መቀመጫ 32 ብቻ ያገኘ ፓርቲ መሪ፣ ፕራቻንዳ፣ ጠቅላይ ሚኒስትር ለመሆን በቅተዋል።

የደቡብ እስያ ጥምረት እንግዲህ ከሌላው የሚለየው በንጽሕናው አይደለም። ዋጋው የታወቀ መሆኑ ነው የሚለየው። እ.ኤ.አ. በ2024 የናሬንድራ ሞዲ ፓርቲ ከ543 መቀመጫ 240 ብቻ አግኝቶ ለአብላጫ የሚያስፈልገው 272 ጎደለበት። ጉድለቱን ከሞሉት መካከል 16 መቀመጫ የያዘው የአንድራ ፕራዴሹ ቴሉጉ ዴሳምና 12 የያዘው የኒቲሽ ኩማር ፓርቲ ዋናዎቹ ነበሩ። ወዲያው በሐምሌ በቀረበው በጀት ለአንድራ አዲስ ዋና ከተማ ግንባታ 150 ቢሊዮን ሩፒ ተያዘ፤ ቢሃርም መንገዷንና የጎርፍ መከላከያዋን አገኘች። የአጋርነቱ ሒሳብ በበጀት መጽሐፉ ላይ፣ በአደባባይ ተጻፈ።

የኢትዮጵያው ታላቅ ጥምረት ሒሳቡ የተጻፈው በሌላ መዝገብ ነበር። ኢሕዴን በ1973 ዓ.ም ከኢሕአፓ በወጡ ታጋዮች ሲመሠረት ከሕወሓት ጋር መሥራት ጀመረ፤ ሁለቱ በ1981 ዓ.ም ኢሕአዴግን አቆሙ። በ1982 ዓ.ም ይህ ግንባር ከደርግ ጦር ጋር ከተፋለመባቸው ቦታዎች መካከል ደብረ ታቦርና የጉና ተራራ ዙሪያ ይገኙበታል። ኢሕዴን በ1986 ዓ.ም ስሙን ወደ ብአዴን ለውጦ የአማራ ክልል ገዥ ሆነ። ከኦሕዴድና ከደቡቡ ድርጅት ጋር አራት ሲሆኑ እያንዳንዳቸው በግንባሩ ምክር ቤት 45 ወንበር ተሰጣቸው፤ በድምሩ 180። በወረቀት ላይ የትግራዩ ድርጅት ድምፅ ከኦሮሚያው እኩል ነው፤ የአማራውም ከደቡቡ። የሶማሌ፣ የአፋር፣ የቤኒሻንጉል፣ የጋምቤላና የሐረሪ ገዥ ፓርቲዎች ደግሞ አጋር ተብለው ከምክር ቤቱ ውጭ ቀሩ። ሊቀ መንበሩን፣ ማለትም የአገሩን ጠቅላይ ሚኒስትር፣ ሲመርጡ ድምፅ አልነበራቸውም።

የሕዝብ ቁጥር ያልገባበት ይህ እኩልነት ለሃያ ሰባት ዓመት የቆመው ሁሉም ተስማምቶበት አልነበረም። ውሳኔው ሌላ ቦታ፣ በዴሞክራሲያዊ ማዕከላዊነት ስም ከላይ ያልቅ ስለነበር፣ ወንበሮቹን የሚቆጥራቸው ብዙም አልነበረም። መቆጠር የጀመሩት በ2010 ዓ.ም ነው።

የዚያ ዓመት መጀመሪያ ለደቡብ ጎንደር ሰው ቅርብ ነበር። ጣና እምቦጭ ወርሶት የፎገራ፣ የደራና የሊቦ ከምከም ዳርቻ ገበሬ በባዶ እጁ ከአረሙ ጋር ሲታገል፣ ከኦሮሚያ የመጡ ከ200 በላይ ወጣቶች «ጣና ኬኛ» (ጣና የእኛ) ብለው ሐይቁ ውስጥ ገቡ። እስከ ወገባቸው ውኃ ውስጥ ቆመው ሥሩ እንደ ጥልፍልፍ ገመድ የተያያዘውን አረም እየጎተቱ ወደ ዳር ሲያወጡ የሚያሳየው ምስል በየስልኩ ዞረ። በጥቅምት ወር የኦሮሚያው ፕሬዚዳንት አቶ ለማ መገርሳ ባሕር ዳር መጥተው በአማራ ክልሉ ፕሬዚዳንት በአቶ ገዱ አንዳርጋቸው አስተናጋጅነት ያደረጉት ንግግር በአዳራሹም ከአዳራሹም ውጭ ብዙዎችን አስለቀሰ። በመጋቢት የኢሕአዴግ ምክር ቤት ሲሰበሰብ የብአዴኑ አቶ ደመቀ መኮንን ራሳቸውን ከውድድር አወጡ፤ የኦሕዴዱ ዐቢይ አሕመድ (ዶ/ር) በ108 ድምፅ ሊቀ መንበር ሆኑ። የሁለቱ ድርጅቶች 45 እና 45 ወንበር ዘጠና ነው፤ የተቀረው ከሌላ መጣ። ግንባሩ ሊቀ መንበሩን በእውነተኛ ፉክክር ሲመርጥ አገር ያየው ያን ጊዜ ነው ቢባል ያስኬዳል።

ይሁን እንጂ በሁለቱ ክልሎች መሪዎች መካከል የተደረሰው መግባባት በአደባባይ የቀረበ ሰነድ አልነበረውም። ስለ አዲስ አበባ፣ ስለ ወልቃይት፣ ስለ ሕገ መንግሥት ማሻሻያ ማን ምን ሰጥቶ ምን እንደተቀበለ ሕዝብ የሚያውቀው ነገር የለም። ወንፈል የገባ የፋርጣ ገበሬ ዛሬ ለማን እንዳጨደና ነገ ማን እንደሚያጭድለት ጠንቅቆ ያውቃል፤ የቀረ ቢኖር ስሙ ይጠራል። የ2010ሩ ወዳጅነት ይህን ያህል እንኳ መዝገብ አልነበረውም። ስለዚህ ቅሬታው ሲመጣ ማን ቃሉን አፈረሰ የሚለውን ለመዳኘት የሚገለጥ ገጽ አልተገኘም፤ ሁለቱም ወገን ተከዳሁ ማለት ቻለ።

ኢሕአዴግ ራሱ በኅዳር 2012 ዓ.ም ፈርሶ ብልጽግና ሲሆን አጋር የነበሩት ገቡ፣ ሕወሓት ወጣ። የመውጫው ሥርዓት ምን ነበር? የግንባሩ ንብረት፣ የምክር ቤት ወንበሮቹ፣ የክልል ሥልጣኑ እንዴት ይለያያል? ፍቺው በደብዳቤና በመግለጫ ተጀምሮ በጥቅምት 2013 ዓ.ም መጨረሻ ወደ ጦርነት ገባ። የጦርነቱ መንስኤ የፓርቲ ፍቺ ብቻ ነው ማለት አይቻልም። ግን ከሠላሳ ዓመት በፊት የኢሕአዴግ ጦር በተዋጋበት ምድር ላይ የሆነውን ልብ ማለት ያስፈልጋል። በነሐሴ 2013 ዓ.ም የሕወሓት ኃይሎች ጋይንት ገብተው ነፋስ መውጫን ያዙ። ደብረ ታቦር በከባድ መሣሪያ ተደብድባ ሰላማዊ ሰዎች ቤታቸው ውስጥ ሞቱ። አምነስቲ ኢንተርናሽናል ነፋስ መውጫ ውስጥ የተደፈሩ ሴቶችን ቃል ሰብስቦ በኅዳር 2014 ዓ.ም ይፋ አድርጓል። ቫጅፓዪን የጣለው የጥምረት መፍረስ ያስከተለው ምርጫ ነበር።

ተቃዋሚዎቹም ከዚህ የተሻለ መዝገብ የላቸውም።

በ1997 ዓ.ም መኢአድ፣ ኢዴፓ-መድኅን፣ ቀስተ ደመናና ኢዴሊ ተባብረው ቅንጅትን ሲመሠርቱ ግንቦት 7 ቀን የሆነውን የጠበቀ አልነበረም። ሁለት ጣት የምርጫ ምልክቱ ስለነበር በየከተማው ሰው በሰላምታ ፈንታ ሁለት ጣቱን ያነሳ ነበር። ቅንጅት በይፋዊው ውጤት 109፣ የእነ መረራ ጉዲናና የእነ በየነ ጴጥሮስ ኅብረት 52 የፓርላማ መቀመጫ አገኙ፤ ኢሕአዴግ 327። በአዲስ አበባ ምክር ቤት ከ138 መቀመጫ 137ቱ የቅንጅት ሆነ። ከዚያ በኋላ የመጣው ግድያና እስር የመንግሥት ዕዳ ነው፤ እሱን ማቃለል አይገባም። ቅንጅት ውስጥ የነበረው ስንጥቅ ግን መሪዎቹ ከመታሰራቸው በፊት ጀምሮ ይታይ ነበር። ፓርላማ እንግባ ወይስ አንግባ? አራቱ ፓርቲዎች ይዋሐዱ ወይስ እንደ ቅንጅት ይቀጥሉ? ማህተሙ ማን ጋ ይቀመጥ? የአቶ ልደቱ አያሌው ፓርቲ በውሕደቱ ላይ ከሌሎቹ ጋር ተለያየ፤ አቶ ልደቱም ትናንት በአደባባይ ያጨበጨበላቸው ሕዝብ ከሃዲ አላቸው። መሪዎቹ በ1999 ዓ.ም መጨረሻ በይቅርታ ሲፈቱ ተሰባስበው አልቆዩም። ኢንጂነር ኃይሉ ሻውል ወደ መኢአድ ተመለሱ፤ ብርቱካን ሚደቅሳ አንድነትን መሠረቱ፤ ብርሃኑ ነጋ ከአገር ውጭ ግንቦት 7ን አቋቋሙ። ምርጫ ቦርድ በ2000 ዓ.ም የቅንጅትን ስም ለአቶ አየለ ጫሚሶ ወገን ሰጠ። ሚሊዮኖች የመረጡት ስም በመጨረሻ የወረቀት ንብረት ክርክር ሆነ።

ቀጥሎ የመጣው መድረክም ሌላ ዕድል ነበረው። በ2002 ዓ.ም ምርጫ ስምንት የሚደርሱ ድርጅቶችን ይዞ ተወዳድሮ ከ547 አንድ መቀመጫ አገኘ። በዚያ ምርጫ ሜዳው ምን ያህል ጠባብ እንደነበር የሚያከራክር አይደለም፤ በ2007 ዓ.ም ያቺም አንዷ ጠፍታ 547ቱም የገዥው ፓርቲና የአጋሮቹ ሆኑ። መድረክ ግን ከዚያም በፊት ቢሆን መሬት የግል ይሁን ወይስ የመንግሥት፣ የብሔር መብት እስከ መገንጠል ይሁን ወይስ አይሁን በሚሉት ላይ አባላቱ አንድ ልብ አልነበሩም። እንዲህ ያለ ልዩነት ጥምረትን አይከለክልም። ህንዶቹ እንዳደረጉት፣ ያልተስማሙበትን ወደ ጎን አስቀምጦ በተስማሙበት ብቻ ለመግዛት መፈራረም ይቻላል። የእኛ ፖለቲከኛ ግን ጥምረትን እንደ ወንድማማችነት ስለሚያየው፣ ልዩነት በተገኘ ቁጥር ወይ እንዋሐድ ወይ እንለያይ ይላል።

ይህ ውሕደት የሚባለው ነገር በተለይ የተወደደ መድኃኒት ነው። በመጋቢት 2011 ዓ.ም 107 ፓርቲዎች የሥነ ምግባር ሰነድ ሲፈርሙ ብዛቱ ሁሉንም አስደነገጠ፤ ጠቅላይ ሚኒስትሩም ሌሎችም ተሰባሰቡ ብለው መከሩ። ሰባት ፓርቲዎች ከስመው ኢዜማን ወለዱ። ኢሕአዴግም ራሱን አዋሕዶ ብልጽግና ሆነ። በ2011 ዓ.ም የወጣው አዋጅ 1162 ግን ውሕደትን ብቻ ሳይሆን ግንባርንና ቅንጅትንም ለይቶ በሕግ ፈቅዷል። ስማቸውን፣ አባላቸውንና ፕሮግራማቸውን ሳይለቁ ለምርጫ ብቻ መተባበር ለሚፈልጉ መንገዱ አለ።

መንገዱን መጠቀም ለምን እንደሚያስፈልግ ደግሞ የደቡብ ጎንደር አንድ የምርጫ ክልል ላይ ሒሳቡን መሥራት ይበቃል። ሥርዓቱ በአንድ ምርጫ ክልል ብዙ ድምፅ ያገኘ አንድ ሰው ሁሉንም የሚወስድበት ነው። እስቴ ወይም ስማዳ ውስጥ ለምሳሌ ያህል ከመቶ 40 ሰው ለገዥው ፓርቲ፣ 25 ለአንዱ ተቃዋሚ፣ 20 ለሁለተኛው፣ 15 ለሦስተኛው ድምፅ ቢሰጥ ስልሳው ሰው ተሸንፎ ይወጣል። መራጩ ከቀበሌው ተነስቶ፣ ጋቢውን ተከናንቦ፣ ተራ ጠብቆ ወደ መጋረጃው ጀርባ ሲገባ የሚያገኘው የምልክት ድርድር ነው፤ ሚዛን፣ አምፖል፣ ሌላም ሌላም። አምፖል የብልጽግና ምልክት እንደሆነ መብራት ያልገባበት ቀበሌም ያውቃል። ሦስቱ ተቃዋሚዎች እስቴ ለአንተ፣ ስማዳ ለእኔ፣ ጋይንት ለእሱ ብለው ተከፋፍለው ቢሆን ኖሮ መጋረጃው ጀርባ ያለው ሰው ምርጫው ባልተበተነበት ነበር። ህንድ ውስጥ የጥምረት ድርድር ማለት በአብዛኛው ይኸው ነው፤ ከርዕዮተ ዓለም ይልቅ የወረዳ ስም ዝርዝር።

ሰኔ 14 ቀን 2013 ዓ.ም በተደረገው ስድስተኛ ምርጫ ከ40 በላይ ፓርቲዎች ተወዳደሩ። በቅድሚያ ይፋ በሆነው ውጤት ብልጽግና ከ436 መቀመጫ 410 ወሰደ። በሰኔ 2010 ዓ.ም ባሕር ዳር የተመሠረተው አብን አምስት፣ ኢዜማ አራት አገኙ። በመስከረም መጨረሻ መንግሥት ሲመሠረት ብርሃኑ ነጋ (ፕሮፌሰር) የትምህርት፣ የአብኑ ሊቀ መንበር በለጠ ሞላ (ዶ/ር) የኢኖቬሽንና ቴክኖሎጂ፣ የኦነጉ አቶ ቀጀላ መርዳሳ የባሕልና ስፖርት ሚኒስትር ሆኑ። በጎ ጅምር ነው ያሉ ብዙ ነበሩ፤ እውነትም በ1998 ዓ.ም ከሆነው ጋር ሲወዳደር በጎ ነው። ነገር ግን 410 መቀመጫ ያለው ፓርቲ የማንንም አምስት ድምፅ አይፈልግም። የተሰጠው ሹመት የጠቅላይ ሚኒስትሩ መልካም ፈቃድ እንጂ የድርድር ውጤት አልነበረም፤ በፈቃድ የተሰጠ ደግሞ በፈቃድ ይነሳል። ቴሉጉ ዴሳም 16 መቀመጫውን ይዞ ከተማ አስገነባ። የአብን አምስት መቀመጫ ለአንድ የገጠር መንገድ እንኳ የመደራደሪያ ክብደት አልነበረውም፤ አብን በካቢኔ ውስጥ መኖሩም ሆነ አለመኖሩ የመንግሥትን ዕድሜ በአንድ ቀን አይለውጠውም።

የሁለት ጎራ ፖለቲካም ፓርቲውን ወዲያው ከፈለው። ሊቀ መንበሩ በካቢኔ ሲቀመጡ፣ የፓርቲው የምክር ቤት አባላት ከመንግሥት ብርቱ ተቺዎች መካከል ሆኑ። አቶ ክርስቲያን ታደለ የመንግሥት ወጪን የሚቆጣጠረውን ቋሚ ኮሚቴ ይመሩ ነበር፤ የአማራ ክልል ግጭት ፈንድቶ በሐምሌ 2015 ዓ.ም መጨረሻ የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ ሲታወጅ፣ ብዙም ሳይቆይ ታሰሩ። ያለመከሰስ መብታቸው የተነሳው ከታሰሩ ወራት በኋላ ነው። የጥምር መንግሥት አባል የሆነ ፓርቲ የምክር ቤት አባሉ ሲታሰር ከመንግሥት እወጣለሁ ብሎ ማስፈራራት በሌሎች አገሮች የመጀመሪያው እርምጃ ነው። እዚህ ግን ማስፈራሪያው የሚያንቀሳቅሰው ቁጥር አልነበረም።

ቁጥሩ አንድ ቀን ሊቀየር ይችላል። የብሔራዊ ምክክሩም ይሁን የፖለቲካ ድርድር የምርጫ ሥርዓቱን ወደ ተመጣጣኝ ውክልና ቢያዞረው፣ ወይም ገዥው ፓርቲ እንደ ኢሕአዴግ ከውስጡ ቢሰነጠቅ፣ ለብቻው አብላጫ የሌለው ምክር ቤት ይመጣል። ለዚያ ቀን ሕገ መንግሥቱ አንድ ያልተነበበ አንቀጽ አስቀምጧል። አንቀጽ 60 ንዑስ አንቀጽ 2 እንደሚለው፣ በጣምራ የተመሠረተ መንግሥት አጋሩ ወጥቶበት አብላጫውን ሲያጣ፣ ፕሬዚዳንቱ ፓርቲዎቹ ሌላ ጣምራ መንግሥት እንዲያቋቁሙ ይጋብዛል። ካልተስማሙ ምክር ቤቱ ተበትኖ አዲስ ምርጫ ይደረጋል። ማን ስንት ሚኒስቴር ይይዛል፣ የትኛው ክልል ምን በጀት ያገኛል፣ አለመግባባት ሲነሳ ማን ይዳኛል፣ የወጣው ምን ይዞ ይወጣል የሚለውን ሁሉ ጨርሰው እንዲፈራረሙ ለፓርቲዎቹ የተሰጣቸው ጊዜ አንድ ሳምንት ነው።